ስለ ዓሣ ስንጥብ፤ ክፍሎቹም በየስማቸው ሊጠሩ እንደሚገባ

ጾም በገባ ጊዜ በየከተማው የዓሣ ፈላጊ ይበዛል። ፈላጊ ሲበዛም ትናንትና ከትናንት በስቲያ ከሐይቅ የወጣው ዓሣ ከዛሬው ጋራ ተደባልቆ ወደ ገበያ ይቀርባል። ይህን የሚያውቅ የወረዳ ሹም ለገበያ ተቆጣጣሪው «የዓሣው ስንጥብ እየታየ ይሸጥ» ብሎ ትእዛዝ ይጽፋል። ትእዛዙ መልካም ነው፤ ጉድለቱ ግን ስንጥብ ያለው ነገር የትኛው እንደ ሆነ አለመግለጡ ነው። ተቆጣጣሪው በዓሣው ጉንጭ ላይ ያለውን ጠንካራ ክዳን ከውጭ አይቶ፥ አለመላላጡን መስክሮ ያልፋል። ክዳኑ ግን አጥንት ስለ ሆነ መልኩን ቶሎ አይለውጥም፤ አስቀድሞ የሚበሰብሰው ከሥሩ ያለው ነው። እንግዲህ ትእዛዙ በቃሉ ተፈጸመ፥ በሐሳቡ ግን አልተፈጸመም፤ የተበላሸውንም ዓሣ ድኻው ገዝቶ ለልጆቹ ይዞት ገባ።

ይህ ስሕተት ከተቆጣጣሪው ስንፍና የመጣ አይደለም፤ ከቃል ማነስ የመጣ ነው። የአማርኛ መማሪያ መጻሕፍት ዓሣ የሚተነፍስበትን አካል በጠቅላላው ስንጥብ ይሉታል። ቃሉ ለጆሮ ስንጥቅ ለሚለው ስለሚቀርብ፥ ሰሚው ከክዳኑ ኋላ ያለውን ክፍተት ብቻ የተጠራ ሊመስለው ይችላል። በእውነቱ ግን በዚህ በአንድ ቃል ውስጥ ቢያንስ አምስት ነገር ተጠቅልሎ ይገኛል፤ ከአምስቱም እያንዳንዱ የየራሱ ሥራ፥ የየራሱም ምስክርነት አለው።

የቃል መደባለቅ በአማርኛ ብቻ የሚገኝ አይደለም። ፈረንሳዮች ሊቃውንቶቻቸው ብራንሺ የሚሉትን፥ ዓሣ ሻጮቻቸው ኡይ ይሉታል፤ ኡይ ማለት መስማት ማለት ስለ ሆነ፥ ስሙ የዓሣ ጆሮ እንደ ማለት ነው። የዓሣ ጆሮ ግን በራስ ቅሉ ውስጥ ተሰውሮ የሚኖር፥ ወደ ውጭም በር የሌለው ነው። ዐረቦችም ኀይሹም ሲሉ አንድ ጊዜ የአፍንጫን ውስጥ፥ አንድ ጊዜ የዓሣን ስንጥብ ያመለክታሉ፤ ይህስ ሁለቱም መተንፈሻ ስለ ሆኑ ወደ እውነቱ ይጠጋል። በመጽሐፈ ጦቢትም መልአኩ ልጁን ዓሣውን እንዲይዝ ሲያዘው፥ የግሪኩ ቃል ዓሣውን ያዝ ከማለት በቀር የሚይዝበትን አካል አይጠራም፤ የላቲኑ የሄሮኒሙስ ትርጓሜ ግን ብራንኪያውን፥ ማለት ስንጥቡን፥ እንዲይዝ ይናገራል። ትልቅ ዓሣ ከውኃ የጎተተ ሰው ሁሉ የላቲኑን ነገር ይረዳዋል፤ የዓሣ ገላ ያሟልጫል፥ እጅ የሚጨብጠው በክዳኑ ሥር ሲገባ ነው።

አንዳንድ ሰው «አስተዳዳሪ የዓሣ ጉሮሮ ሲቆጥር ሊውል ነውን?» ይል ይሆናል። ነገር ግን በሬ የሚገዛ ሰው ጥርሱን ሳያይ፥ በቅሎም የሚገዛ ሰው ኮቴዋን ሳያነሣ ገንዘቡን አይከፍልም። የበሬ ጥርስ ስንት እንደ ሆነና በየትኛው ዕድሜ እንደሚለወጥ የገጠር ልጅ ሁሉ ያውቀዋል፤ ስሙንም አይሳሳትም። ዓሣ ግን ለደጋው ሰው የገበያ ዕቃ የሆነው በቅርብ ዘመን ስለ ሆነ፥ ዐይናችን ገና አልለመደውም። ጥርሱ የሚታየው ለበሬ እንደ ሆነ ሁሉ፥ ለዓሣም የሚታየው ስንጥቡ ነው።

ማስተዋል የሚፈልግ ሰው አንድ ቀረሶ፥ በስምጥ ሸለቆ ሐይቆች ደግሞ ቆሮሶ የሚባለውን፥ ትኩሱን አስመጥቶ በቢላዋ ይመልከት። በመጀመሪያ የሚያገኘው ክዳኑን ነው፤ ከዐይን ኋላ በግራና በቀኝ ያለ ሰፊ ቀጭን አጥንት ሲሆን፥ እንደ በር ይከፈታል፥ ይዘጋልም። ክዳኑ ሲገለጥ በየወገኑ አራት አራት ቅስቶች ተደርድረው ይታያሉ፤ ቅስት የሚባለው እንደ ማጭድ የጎበጠው አጥንት ነው፥ ሌላው ሁሉ በእርሱ ላይ የተተከለ ነው። ከአራቱ ኋላ አምስተኛ ቅስት አለ፤ ይህኛው ግን መተንፈሱን ትቶ በጉሮሮ ውስጥ ጥርስ ያበቀለ ነው። ዓሣ በአፉ ጥርስ የለውም ሲባል የሚሰማው አንዳንዱ ዓሣ በዚህ በተሰወረው ጥርስ ምግቡን ያደቅቃል፤ የጣና ነጭ ዓሣም ከእነዚሁ ወገን ነው።

በእያንዳንዱ ቅስት የውጭ ጀርባ ላይ ሁለት ረድፍ ሆኖ የተንጠለጠለ ቀይ ነገር አለ፤ እርሱም እንደ ትልቅ ጥላ ዘርፍ ክር ክር ሆኖ የወረደ ነውና ዘርፍ ቢባል የሚስማማው ነው። እያንዳንዱም የዘርፍ ክር ከላይና ከታች እጅግ ስስ የሆኑ ቅጠሎችን ደርድሯል፤ ቅጠሎቹ በአንዲት ሚሊ ሜትር ርዝመት ላይ በዐሥር በዐሥር የሚቆጠሩ ስለ ሆኑ በዐይን ብቻ አይለዩም፥ አጉሊ መነጽር ይፈልጋሉ። ደሙ ከውኃው ጋራ የሚገናኘው በእነዚህ ቅጠሎች ላይ ነው። በቅስቱ የውስጥ ጎን፥ ወደ አፍ በኩል፥ ደግሞ እንደ ማበጠሪያ ጥርስ የቆሙ ነጫጭ ነገሮች አሉ፤ እነርሱ ለመተንፈስ አይረዱም፥ ምግብን ከውኃ የሚያጠልሉ ናቸውና ማጥለያ ሊባሉ ይገባል። እንግዲህ ክዳን፥ ቅስት፥ ዘርፍ፥ ቅጠል፥ ማጥለያ፤ አምስቱ እነዚህ ናቸው። ከነዚህ የተሻለ ስም ያለው ሰው የተሻለውን ያምጣ፤ የሚያስፈልገው እያንዳንዱ ነገር ከሌላው መለየቱ ነው።

ሥራቸውም እንዲህ ነው። ዓሣው አፉን ከፍቶ ክዳኑን ሲዘጋ ውኃ ይገባል፤ አፉን ዘግቶ ክዳኑን ሲከፍት ውኃው በዘርፉ መካከል አልፎ ይወጣል። እንደ አንጥረኛ ወናፍ ነው፤ የዓሣው ውኃ በአንድ በር ገብቶ በሌላ በር ይወጣል። በዚህም ላይ እጅግ የሚያስደንቅ ሥርዓት አለ። ደሙ በቅጠሉ ውስጥ የሚሄደው ውኃው ከሚሄድበት በተቃራኒው ነው። ሁለቱ ባንድ አቅጣጫ ቢሄዱ ኖሮ እኩሌታውን ተካፍለው ይለያዩ ነበር። አሁን ግን ባዶውን የሚመጣው ደም ኦክሲጅኑን ሊጨርስ የተቃረበውን ውኃ አስቀድሞ ያገኛል፥ ከእርሱም ጥቂት ይወስዳል፤ እየጠገበ በሄደ ቁጥር የበለጠ ትኩስ ውኃ ያገኛል፤ እስከ መጨረሻውም ድረስ ውኃው ከደሙ ባለጠጋ ሆኖ ይሰጠዋል። ስለዚህ ዓሣ በውኃው ካለው ኦክሲጅን እስከ 80 በመቶ ሊወስድ ይችላል፤ ሰው ግን ከሚስበው አየር ኦክሲጅን የሚወስደው ሩቡን ያህል ብቻ ነው።

ይህ ሁሉ ጥበብ ያስፈለገው ውኃ ድኻ ስለ ሆነ ነው። በአንድ ሊትር አየር ውስጥ ከ200 ሚሊ ሊትር የሚበልጥ ኦክሲጅን ሲኖር፥ ሙቀቱ 20 ዲግሪ በሆነ በአንድ ሊትር ንጹሕ ውኃ ውስጥ በባሕር ጠረፍ እንኳ 7 ሚሊ ሊትር አይሞላም። ጣና ከባሕር ወለል 1,800 ሜትር ያህል ከፍ ያለ ስለ ሆነ በዚያ ላይ አንድ አምስተኛ ያህል ይቀንሳል። ውኃው ሲሞቅ ደግሞ የበለጠ ያንሳል። የግሪኩ ሊቅ አሪስጣጣሊስ የስንጥብን ሥራ ሰውነትን ማቀዝቀዝ ነው ብሎ አስቦ ነበር፤ ኦክሲጅን የሚባለው ነገር ከተገለጠ ገና ከ1774 እ.ኤ.አ. ወዲህ ስለ ሆነ በዚህ አይነቀፍም። ስንጥብና ሳንባ አንድ ላይ ያለው እንስሳ አልታየም ማለቱ ግን በ1830ዎቹ እ.ኤ.አ. የሳንባ ዓሣ በሊቃውንት ዘንድ ሲታወቅ ፈርሷል።

አየር ይህን ያህል ባለጠጋ ከሆነ፥ ዓሣ ከውኃ ሲወጣ ስለ ምን ይታፈናል? ቅጠሎቹን ዘርግቶ የሚይዛቸው ውኃው ነውና ነው። ከውኃ ሲወጡ እንደ እርጥብ ፀጉር ተጣብቀው አንድ ይሆናሉ፤ ኦክሲጅን የሚቀበለውም ገጽ ይጠፋል፥ ኋላም ይደርቃል። ከዚህ ነገር አምባዛ ያመልጣል። አምባዛ ከስንጥቡ በላይ በራሱ ውስጥ ትንንሽ ዛፍ የመሰለ፥ በደም የቀላ ሌላ መተንፈሻ አለው፤ በእርሱም ከአፉ የዋጠውን አየር ይጠቀማል። በገበያ መሬት ላይ ለሰዓታት ሲላወስ የሚታየው ስለዚህ ነው። ይህ ዛፍ መሰሉ ነገር ስንጥብ አይደለም፥ ስንጥብም ሊባል አይገባም፤ ከዚህ በታች እንደሚታየው ስሙ መደባለቁ ኩሬ ያለውን ሰው ይጎዳዋልና።

ወደ ገበያው እንመለስ። የዓሣን ትኩስነት የሚመሰክረው ዘርፉ ነው። ዘርፉ ደም የሞላበት፥ ቆዳው ከሁሉ የሳሳ፥ ከውኃውም የመጡ ረቂቅ ተሐዋስያን የተጠጉበት ስለ ሆነ፥ ከሆድ ዕቃው ጋራ ቀድሞ ይበላሻል። ትኩስ ሲሆን ደማቅ ቀይ ነው፤ ክሮቹ እየብቻቸው ይለያያሉ፤ ያለበትም ልጋግ እንደ ውኃ የጠራ ነው፤ ሽታውም የሐይቅ ሽታ ነው። ሲቆይ ይጠቁራል፥ ኋላም ወደ ቡናማና ወደ አመድማ ይለወጣል፤ ልጋጉ እንደ ወተት ደፍርሶ ይወፍራል፥ ክሮቹ ይጣበቃሉ፥ ሽታው ይኮመጥጥና ይከረፋል። ከዚህ ላይ መጠንቀቅ የሚያስፈልግበት ነገር አለ። በሚቀልጥ በረዶ ውስጥ የሰነበተ ዓሣ፥ በረዶው ደሙን ስለሚያጥበው፥ ሳይበላሽ ዘርፉ ሊገረጣ ይችላል፤ እንዲህ ያለውን ዓሣ ተቆጣጣሪው በመልኩ ብቻ ቢጥለው በረዶ ገዝቶ የተጠነቀቀውን ነጋዴ መቅጣት ይሆናል። ደም የተቀባም ዘርፍ ለዐይን ቀይ ሊመስል ይችላል፤ ነጭ ጨርቅ ቢያስነኩት ይለቃል። ስለዚህ ዐይን ይጀምር፥ አፍንጫ ይፍረድ።

ሌላም ነገር አለ። ዓሣውን ለማቆየት ከሐይቁ ዳር ወዲያው የሆድ ዕቃውንና ስንጥቡን አውጥቶ ማጠብ እጅግ የተመሰገነ ሥራ ነው፤ የሚበሰብሰውን አስቀድሞ ማስወገድ ነውና። ነገር ግን ያን ጊዜ ምስክሩ አብሮ ይጣላል። ስንጥብ የሌለው ዓሣ በከተማ ገበያ ሲቀርብ፥ በንጽሕና የወጣለት ነው ወይስ እንዳይመሰክርበት የወጣ ነው? ከገበያ ላይ ይህን መለየት አይቻልም። ስለዚህ የስንጥብ ምርመራ የሚገባው በሐይቁ ወደብ፥ ዓሣው ሳይቀደድ ነው፤ በከተማ ግን ሥጋውን በጣት ተጭኖ መመለሱን ማየት፥ ሆዱንም ማሽተት ይሻላል። አንዳንድ መሥሪያ ቤት ስንጥቡ ያልተነካ ዓሣ ብቻ ይሸጥ ብሎ ቢያዝ፥ ለተቆጣጣሪው ሥራውን ያቀልለታል፥ ዓሣውን ግን ያከፋዋል።

ማጥለያው ለበይ ምንም አይነግረውም፤ ለሐይቁ ጠባቂ ግን ብዙ ይነግረዋል። በውኃ ላይ የሚንሳፈፈውን ረቂቅ ምግብ የሚያጠልል ዓሣ ማጥለያው ብዙና የተጠጋጋ ነው፤ ዓሣ የሚበላው ዓሣ ግን ጥቂት፥ አጭርና የተራራቀ ነው ያለው። በጣና ነጭ ዓሣ እየተባለ ባንድ ስም የሚሸጠው፥ በ1990ዎቹ እ.ኤ.አ. የሆላንድ ሊቃውንት ናገልከርከና ሲቢንግ በአፉ፥ በራሱ ቅርጽና በእንዲህ ያለው ምልክት ሲመረምሩት ወደ 15 ያህል ልዩ ልዩ ወገን ሆኖ ተገኘ። በጫሞና በዓባያ በኩል ነጭ ዓሣ ሲባል ደግሞ ፈጽሞ ሌላ፥ ናይል ፐርች የሚባለው ትልቁ ዓሣ ነው። የአንዱ አገር ሹም ለሌላው አገር ሹም ነጭ ዓሣ ቀነሰ ብሎ ቢጽፍ ሁለቱ አይግባቡም።

የመረቡም ነገር ከክዳኑ ጋራ የተያያዘ ነው። በውኃ ውስጥ እንደ ግድግዳ የሚቆመው መረብ በእንግሊዞች ቋንቋ የስንጥብ መረብ ይባላል፤ ዓሣው ራሱን በዐይኑ ካስገባ በኋላ ወደ ኋላ ሊመለስ ሲል ክሩ ከክዳኑ ሥር ይይዘዋልና። ስለዚህ የመረቡ ዐይን ስፋት የሚይዘውን ዓሣ ይመርጣል፤ ጠባብ ዐይን ያለው ገና ያልወለደውን ይይዛል። በሞተር ጀልባና በዚህ መረብ ማጥመድ በጣና ላይ የተጀመረው በ1986 እ.ኤ.አ. ነው፤ ከዚያ ወዲህ ባሉት ዓመታት በክረምት ወደ ወንዝ ወጥቶ የሚራባው ነጭ ዓሣ እጅግ አነሰ። ዓሣው በርብና በጉማራ አፍ በአንድነት ሲሰበሰብ መረብ ተዘርግቶ ይጠብቀዋልና።

ከመረቡ ይልቅ የሚከፋው ግን ብርብራ ነው። ብርብራ በኢትዮጵያ ብቻ የሚበቅል መልካም ዛፍ ነው፥ ለቡና ጥላ ይሆናል፤ ፍሬው ግን ሮቴኖን የሚባል መርዝ ያለበት ስለ ሆነ፥ ዓሣን ለመግደል ከጥንት ጀምሮ በወንዝ ይጨመራል። ኦክሲጅንን የሚያሳልፈው የቅጠሉ ስስነት መርዙንም ያሳልፈዋል። በደም ከገባ በኋላ መርዙ ሰውነቱ ኦክሲጅኑን እንዳይጠቀምበት ያግደዋል። ውኃው አየር አለው፥ ስንጥቡም ይሠራል፥ ደሙም ተቀብሏል፤ ዓሣው ግን እህል በሞላበት ጎተራ አጠገብ እንደሚራብ ሰው ይሞታል። ስለዚህ በብርብራ የሞተ ዓሣ ዘርፉ ቀይ ሆኖ ሊገኝ ይችላል። ቀይነት ዓሣው መቼ እንደ ሞተ ይነግራል እንጂ በምን እንደ ሞተ አይነግርም። መርዙም ትልቁንና ትንሹን፥ ትናንት የተፈለፈለውንም አይለይም፤ በዚያም ወንዝ ለሚመጡት ዓመታት የታሰበው ሁሉ በአንድ ቀን ያልቃል። አንድ ቁና ዓሣ ለመልቀም የሐይቅን ዘር መጨረስ ነው። ስለ ዓሣ ሀብት ልማትና አጠቃቀም የወጣው አዋጅ ቁጥር 315/1995 እያለ፥ ይህ ሥራ የድሆች ጨዋታ ተብሎ በቸልታ መታለፉ አይገባም።

የሞተ ዓሣ በውኃ ላይ ሲንሳፈፍ የሚጠራ ሹም ምክንያቱን ለመለየት ስንጥቡንና ቦታውን አንድ ላይ ይመልከት። በሚፈስ ጥሩ ውኃ ውስጥ ልዩ ልዩ ወገን፥ ታላቁም ታናሹም በአንድ ጊዜ ከሞተ፥ መርዝ ነው ብሎ መጠርጠር ይገባል። ከጎርፍ በኋላ ዘርፉ ቡናማ ጭቃ ለብሶ ከተገኘ፥ ጥፋቱ ከላይ ካለው እርሻ ነው፤ የወንዙን ዳር እስከ ውኃው ድረስ የሚያርስ ባለይዞታ አፈሩን ብቻ የሚያጣ ይመስለዋል፥ ነገር ግን ያ አፈር በቅጠሎቹ መካከል ገብቶ ዓሣውን ያፍነዋል። በኩሬ ውስጥ ደግሞ ሌሊት በውኃው ያለው አረንጓዴ ሁሉ ኦክሲጅን እየተጠቀመ፥ ብርሃን ስለሌለም ስለማይሰጥ፥ ከንጋት በፊት ያለው ሰዓት የከፋው ነው። ያን ጊዜ ቀረሶዎቹ ወደ ላይ ወጥተው አፋቸውን ሲከፍቱ ይታያሉ፤ ብዙውን ጊዜ ቀድመው የሚሞቱት ትልልቆቹ ናቸው። በዚያው ኩሬ ያለው አምባዛ ግን በዛፍ መሰሉ መተንፈሻው ደኅና ሆኖ ይዋኛል፤ ባለ ኩሬውም አምባዛውን አይቶ ውኃዬ ደኅና ነው ብሎ ፍግ ይጨምርበታል። የሚገባውስ ፍግና መኖ ማቆም፥ አዲስም ውኃ ከከፍታ እንዲወድቅ አድርጎ ማስገባት ነበር።

እንግዲህ ለወደብና ለገበያ ተቆጣጣሪ የሚጻፈው ትእዛዝ እንዲህ ቢሆን ይሻላል፤ «ዓሣው ሳይቀደድ በወደቡ ላይ ክዳኑ በአውራ ጣት ተገልጦ ዘርፉ ይታይ፥ ይሸተትም። ዘርፉ ቡናማ ወይም አመድማ ሆኖ ልጋጉ የደፈረሰ፥ ሽታውም የከረፋ እንደ ሆነ አይሸጥ። በበረዶ ገርጥቶ ሽታው ደኅና የሆነው ይሸጥ። ከታየ በኋላ ስንጥቡና የሆድ ዕቃው ወጥቶ ከውኃው ራቅ ብሎ ይቀበር፤ የታየበትም ቀንና ሰዓት በወረቀት ተጽፎ ከዓሣው ጋራ ወደ ከተማ ይሂድ።»